ታሪኩ ካለቀ በኋላ የሚጀመረው አደን

ሰላም፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። ሲመላለስብኝ የከረመ ጉዳይ ስላለ እሱን በእርጋታ ላውራችሁ። ጉዳዩ ሞንስተር ሀንተር ነው። በተለይ ደግሞ ታሪኩ አልቆ፣ የሠሪዎቹ ስም ዝርዝር በስክሪኑ ላይ ካለፈ በኋላ የሚመጣው ክፍል፤ ተጫዋቾች ኤንድጌም የምንለው።

ጥያቄዬ አንድ ነው። እዚያ ስንደርስ «አሁንም እያደግኩ ነው» የምንለው፣ ምናችን እያደገ ነው?

ጌሙን ለማታውቁት በአጭሩ ላስረዳ። ተከታታዩ እ.ኤ.አ. በ2004 በፕሌይስቴሽን 2 ላይ ጀመረ። ሠሪው ካፕኮም የተባለው የጃፓን ኩባንያ ነው። እናንተ አዳኝ ናችሁ። ግዙፍ አውሬ ታድናላችሁ። ከአውሬው ቆዳ፣ ጥፍርና ቅርፊት ትወስዳላችሁ። በወሰዳችሁት መሣሪያና አርመር፣ ማለትም መከላከያ ልብስ፣ ታሠራላችሁ። ከዚያ የባሰ ከባድ አውሬ ፍለጋ ትወጣላችሁ። ሌላው ሁሉ በዚህ ዙሪያ የተሠራ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። በብዙ ጌሞች ጠላት በገደላችሁ ቁጥር ገጸ ባህሪያችሁ ሌቭል ይጨምራል። ጉልበቱም ሕይወቱም አብሮ ያድጋል። ሞንስተር ሀንተር ውስጥ ይህ የለም። ሀንተር ራንክ የሚባል ቁጥር አለ፤ ግን ቁጥሩ ክንዳችሁን አያፈረጥምም። በር ይከፍታል፣ በቃ። ራንኩ ገና 50 የሆነ ሰውና 500 ያለፈ ሰው ተመሳሳይ መሣሪያና አርመር ቢይዙ፣ አንድ ምት አውሬው ላይ የሚያደርሰው ጉዳት እኩል ነው። የሚለያዩት መቼ እንደሚመቱ፣ የት እንደሚቆሙ፣ መቼ እጃቸውን እንደሚሰበስቡ በማወቅ ነው።

ስለዚህ ኤንድጌም ላይ ሁለት ዓይነት እድገት አብሮ ይሄዳል። አንዱ የዕቃ ነው። ሌላው የሰውየው ነው። ዛሬ የማወራው ስለነዚህ ሁለቱ ነው፤ በተለይ አንደኛው ሌላውን ሲጋርደው ስለሚሆነው።

ከወርልድ ልጀምር። ሞንስተር ሀንተር ወርልድ በ2018 መጀመሪያ ሲወጣ፣ ብዙ ሰው ተከታታዩን የተዋወቀው በእሱ ነው። ዜኖጂቫ የተባለውን የታሪኩን የመጨረሻ አውሬ ስትጥሉ ራንካችሁ መውጣት ይጀምራል። ግን ዝም ብሎ አይወጣም። በየመሃሉ የሚዘጋ በር አለ። ራንክ 49 ላይ ስትደርሱ ቁጥሩ ቀጥ ይላል። በሩ ላይ የቆመው ኪሪን ነው፤ ያውም ቴምፐርድ የሚባለው የጠነከረው ዓይነት።

ኪሪን ትንሽ ነው። ፈረስ የሚመስል፣ ባለ አንድ ቀንድ፣ መብረቅ የሚያወርድ። እስከዚያ ድረስ ቤት የሚያክል ዘንዶ ስትጥሉ ቆይታችሁ ይህን ስታዩ ቀላል ይመስላችኋል። ከዚያ መብረቁን ሰውነቱ ላይ ሲሞላ ሰይፋችሁ እየነጠረ ይመለሳል። ጭንቅላቱን ካልመታችሁ በስተቀር ድካማችሁ ከንቱ ነው። አንድ መብረቅ ካገኛችሁ ደግሞ ለመነሳት የሚበቃ ጊዜ ላይኖራችሁ ይችላል።

ይህን በር በጣም እወደዋለሁ። ብዙ ሰው ተማርሮበታል፣ አውቃለሁ። ግን ጨዋታው እዚያ ጋ ሲያስቆማችሁ በግልጽ የሚነግራችሁ ነገር አለ። ከዚህ በኋላ የሚመጡት አውሬዎች ሁሉ እንደዚህ ናቸው፤ ኪሪን ላይ ረጋ ማለት ካልቻላችሁ ወደፊት አትሄዱም። የመብረቁ አወራረድ ቅደም ተከተል አለው። እሱን ማንበብ ከቻላችሁ ታልፋላችሁ። እርግጥ መብረቅ የሚቋቋም አርመር መልበስ ይረዳል። ማንበቡን ግን አይተካም።

ቀጥሎ የሆነውን ደግሞ ተመልከቱ። በ2019 መስከረም ላይ አይስቦርን የተባለው ማስፋፊያ መጣ። አዲስ ደረጃ ይዞ መጣ፣ ማስተር ራንክ። በወርልድ ኤንድጌም ላይ ስንት ጊዜ ፈሶበት የተሠራው አርመር፣ ስንት ሌሊት የታደረበት መሣሪያ፣ ከማስተር ራንክ የመጀመሪያ ደረጃዎች በሚሠራ ተራ ዕቃ ተበለጠ። ሁሌም እንዲህ ነው። ማስፋፊያ በመጣ ቁጥር የዕቃው ጉዳይ ከታች እንደገና ይጀመራል።

ያን ጊዜ የዕቃ ሰው የነበረና የእጅ ሰው የነበረ ተለዩ። ራታሎስ የተባለው በራሪ ዘንዶ ከአየር ላይ ጥፍሩን ዘርግቶ ሲወርድ የትኛው ወገን እንደሚያመልጥ የሚያውቅ ሰው፣ በማስተር ራንክም ያውቀዋል። አውሬው አዲስ እንቅስቃሴ ቢጨምርም የድሮው መሠረት አለ። ጥፍሩ ይመርዛል፤ ያኔም ይመርዝ ነበር፣ አሁንም ይመርዛል። እውቀቱ ተሸጋገረ፣ አርመሩ ሳጥን ውስጥ ቀረ።

አሁን ወደ ዕድል ጉዳይ ልምጣ፤ ኤንድጌም ሲባል ብዙ ሰው የሚያስበው እሱን ስለሆነ።

ከባድ አውሬዎች አልፎ አልፎ ብቻ የሚሰጡት ዕቃ አላቸው። የራታሎስ ሩቢ ለምሳሌ። እንዲህ ዓይነት ዕቃ የመገኘት ዕድሉ ከመቶ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት አካባቢ ነው። እስቲ ከመቶ ሦስት ብለን እንያዝ። ብዙ ሰው «እንግዲያው 33 ጊዜ ብሞክር አንድ አገኛለሁ» ይላል። ሒሳቡ ግን እንደዚያ አይሠራም። መቶ ሰዎች እያንዳንዳቸው 33 ጊዜ ቢሞክሩ፣ 37 ያህሉ አሁንም ባዶ እጃቸውን ናቸው። መቶ መቶ ጊዜ ቢሞክሩ እንኳ አምስት ያህሉ አያገኙም። አምስት ሰው ትንሽ ይመስላል፤ ከአምስቱ አንዱ ስትሆኑ ግን ትንሽ አይደለም። ጃፓን ውስጥ ተጫዋቾች ጌሙ የፈለጋችሁትን ነገር ያሸታል፣ ስለፈለጋችሁት ነው የማይሰጣችሁ ይላሉ። ጌሙ የሚያሸተው ነገር የለም፤ ዕድል ከሰው ሰው በዚህን ያህል ይለያያል ማለት ነው።

ደግሞ ከሩቢ የባሰ አለ። ሩቢ ቢያንስ ከየትኛው አውሬ እንደሚገኝ ይታወቃል። በወርልድ ውስጥ ዲኮሬሽን የሚባሉት፣ አርመር ላይ ተሰክተው ስኪል፣ ማለትም ልዩ ችሎታ፣ የሚሰጡት ጌጦች፣ ከማንኛውም ከባድ አደን በዘፈቀደ ይወጣሉ። የጥቃት ኃይል የምትጨምረው አታክ ጁል ከብርቅዬዎቹ መካከል ናት። ብዙ መቶ ሰዓት ተጫውተው አንዲት እንኳ ያላዩ ሰዎች አውቃለሁ። ጎበዝ አዳኞች ናቸው፤ ምን ጎደላቸው ብትሉ ምንም አልጎደላቸውም።

ቆየት ወዳለው እንሂድ። ሞንስተር ሀንተር 3 አልቲሜት ላይ ቻርም የሚባሉ ክታቦች ነበሩ። የምታገኟቸው ክታቦች ከ17 ሰንጠረዦች በአንዱ ውስጥ ያሉት ብቻ ናቸው። ሰንጠረዡ የሚመደብላችሁ ገጸ ባህሪያችሁን ስትፈጥሩ ነው። ከሰንጠረዦቹ አንዳንዶቹ ደግሞ ተጫዋቾች «የተረገሙ» ያሏቸው ናቸው፤ ሊወጣባቸው የሚችለው የክታብ ዓይነት እጅግ ጥቂት ነው። አስቡት። ጨዋታው ሲጀመር፣ ምንም ሳታደርጉ፣ በማታዩት ቦታ ተወስኗል። ይህን ሳነብ ከልቤ ነበር ያዘንኩት። ሰው ጊዜውን በእምነት ነው የሚሰጠው። ብደክም አገኘዋለሁ ብሎ ነው። በሩ መኖሩን ሳይነግሩት በሩን መዝጋት ትክክል አይመስለኝም።

ይህ ሁሉ ድካም ምን ያህል ያተርፋል? እስቲ አብረን እናስላ። የመሣሪያችሁ መሠረታዊ የጥቃት ኃይል 200 አካባቢ ነው እንበል። የምታሳድዱት ማሻሻያ 5 ይጨምርላችኋል። ያ 2.5 በመቶ ነው። አሥር ደቂቃ የሚፈጅ አደን ነበራችሁ እንበል። ኃይላችሁ 2.5 በመቶ ሲጨምር፣ ሌላው ሁሉ እኩል ከሆነ፣ አደኑ 15 ሰከንድ ገደማ ያጥራል።

አሥራ አምስት ሰከንድ። ሰይፍ ለመሳል ዞር ብትሉና መድኃኒት ብትጠጡ ሊያልቅ የሚችል ጊዜ ነው። ያለቦታችሁ ቆማችሁ አንዴ ተመትታችሁ ተንከባላችሁ እስክትነሱ ከዚያ ብዙ አያንስም። ከወደቃችሁማ አለቀ። ድመት መሰል ፍጥረታት በጋሪ ጭነው ካምፕ ይጥሏችኋል፣ ከዚያ አውሬው ጋ እስክትመለሱ ከደቂቃ በላይ ሊሄድ ይችላል። ብዙ ሳምንት የተደከመበት ማሻሻያ በአንድ ጋሪ ጉዞ ብዙ እጥፍ ተበላ ማለት ነው። ማሻሻያውን አትፈልጉ እያልኩ አይደለም። መጠኑን እወቁት ነው የምለው፤ ምክንያቱም መጠኑን ስናውቅ ትኩረታችን ወዴት መሄድ እንዳለበት ይታየናል።

እኔ ግሬት ሶርድ በሚባለው ግዙፍ ሰይፍ ነው የምጫወተው፤ ለረጅም ጊዜ ከእሱ ውጭ አልያዝኩም። ከ14ቱ የመሣሪያ ዓይነቶች ሁሉ ከባዱና ዘገምተኛው ነው ማለት ይቻላል። ኃይሉ ያለው ተይዞ፣ ተጠራቅሞ በሚለቀቀው ምት ላይ ነው። ስለዚህ አውሬው ያለበትን ቦታ መምታት አይቻልም፤ እስክትለቁት አውሬው ሄዷል። መምታት ያለባችሁ ጭንቅላቱ ከጥቂት ሰከንድ በኋላ የሚደርስበትን ቦታ ነው። ገና ባዶ የሆነ አየር ላይ ሰይፍ ማንሳት ትጀምራላችሁ፣ አውሬው በራሱ እግር ይመጣበታል። ይህ የሚሆነው አውሬውን ስታውቁት ብቻ ነው። ይህን ምት የሚያሳርፍላችሁ ዲኮሬሽን የለም። ምቱ ሲያርፍ የሚሰማኝን ደስታ ደግሞ ከየትኛውም ሳጥን አግኝቼው አላውቅም።

እንግዲህ የእኔ አቋም ይህ ነው። የዕቃው መሰላል መጥፎ አይደለም። ጥቅሙ ወደ አውሬው መመለሻ ምክንያት መስጠቱ ነው። ሩቢ ፈልጋችሁ ሄዳችሁ ሳታውቁት ራታሎስን ትማራላችሁ። ጥሩ ኤንድጌም የምለው መሰላሉ ትምህርቱን የሚያግዝበትን ነው። መጥፎ የምለው ደግሞ መሰላሉ ትምህርቱ ካለቀ በኋላም ማለቂያ ሳይኖረው የሚረዝምበትን።

በዚህ ዓይን አይስቦርንን እንየው። ታሪኩ ሲያልቅ ጋይዲንግ ላንድስ የሚባል ሰፊ ቦታ ይከፈታል። የተለያየ መልክዓ ምድር በአንድ ላይ ያለበት፣ አውሬዎች ተራ በተራ የሚመጡበት። ሐሳቡ ግሩም ነበር። ተልዕኮ መምረጥ የለም፣ ሰዓት አይቆጠርም፣ አደን ከአደን ይቀጥላል። ችግሩ እያንዳንዱ ክልል የራሱ ሌቭል ነበረው፤ አንዱን ስታሳድጉ ሌላው ይወርድ ነበር። ጫካውን ከፍ አድርጋችሁ ስትደሰቱ በረሃው ቁልቁል ይሄዳል። ከፍተኛ ሌቭል ላይ ብቻ የሚገኝ አውሬ ስትፈልጉ የሠራችሁትን ማፍረስ አለባችሁ። በኋላ ላይ በማሻሻያ ለቀቅ አድርገውታል። መጀመሪያውኑ ግን የተጫዋቹን ድካም ከራሱ ከተጫዋቹ ጋር ማጣላት አልነበረባቸውም።

ሰንብሬክ የተሻለ ሠርቷል ብዬ አምናለሁ። በ2022 የወጣ፣ የተከታታዩ ሌላ ጌም የሆነው የሞንስተር ሀንተር ራይዝ ማስፋፊያ ነው። እዚያ አኖማሊ የሚባል መሰላል አለ፤ በየማሻሻያው እየረዘመ መጨረሻ ላይ 300 ደረሰ። 300 ሲባል ያስፈራል። ግን እዚያ ያሉት የተለከፉ አውሬዎች ራሳቸው ሌላ ጨዋታ ይዘዋል። ሰውነታቸው ላይ ቀይ የሚያበሩ ቦታዎች አሉ፤ እነሱን በቶሎ ካላጠፋችሁ አውሬው ይበረታል። የሚያጋቡባችሁ ሕመም ደግሞ መድኃኒታችሁን ያደክመዋል፤ ግን አውሬውን እየመታችሁ ከቆያችሁ ሕይወታችሁ መልሶ ይሞላል። ይህን ያሰበው ሰው ተጫዋችን ያውቃል። ሰው ሲጎዳ ይሸሻል፤ ይህ ሥርዓት ግን ተጎድታችሁም ወደ አውሬው ግቡ ይላችኋል። መሰላሉ ባሕሪን ይቀይራል። አርመር ላይ ስኪል በዘፈቀደ የሚጨምረውና የሚቀንሰው ክፍል ግን ለእኔ ያው የሎተሪ ሥራ ነው፤ ብዙም አልቆየሁበትም።

አሁን ወደምወደው ልምጣ። የአይስቦርን መጨረሻ።

በ2020 ሐምሌ ላይ አላትሪዮን መጣ። እስከዚያ ድረስ የብዙ ሰው ቢልድ፣ ማለትም የመሣሪያ፣ የአርመርና የስኪል ቅንብሩ፣ አንድ ዓይነት ነበር። ጥሬ ኃይል፣ ክሪቲካል የሚባለው አልፎ አልፎ ጉዳቱ የሚጨምር ምት፣ በቃ። ያ ቢልድ ሁሉን ነገር ይጥል ነበር። አላትሪዮን ግን በየጊዜው ወደ ላይ ተነስቶ መላውን ሜዳ የሚያነድ ጥቃት አለው። ጥቃቱን ለማዳከም ከዚያ በፊት በእሳት፣ በበረዶ፣ በመሰሉት ኤለመንቶች በቂ ጉዳት አድርሳችሁ መጣል አለባችሁ። ካላደረሳችሁ ትወድቃላችሁ። አውሬው ኤለመንቱን እንዳይቀይር ደግሞ ቀንዱን መስበር ያስፈልጋል።

ያን ጊዜ የነበረው ጭቅጭቅ ቀላል አልነበረም። «መሣሪያዬን እንዴት እንደምመርጥ ማን ይነግረኛል» ያሉ ነበሩ፤ ቅሬታቸው ይገባኛል። እኔ ግን ከሠሪዎቹ ጎን ነኝ። አላትሪዮን አዲስ ዕቃ እንድታሳድዱ አይደለም የጠየቀው። ሳጥናችሁ ውስጥ የተኛውን እንድታወጡ ነው። ያደናችሁትን ሁሉ መለስ ብላችሁ አስቡ፣ የትኛው መሣሪያ በረዶ አለው፣ የትኛው አርመር ከእሳት ያድናል ብሎ ነው የጠየቀው። ከራሳችሁ ታሪክ ጋር ያገናኛችኋል።

ከዚያ ጥቅምት 1 ቀን 2020 ፋታሊስ መጣ።

ፋታሊስ ከመጀመሪያው የ2004 ጌም ጀምሮ ያለ ጥቁር ዘንዶ ነው። የሚገኘው ሽሬድ በሚባል የፈረሰ ቤተ መንግሥት ውስጥ ነው። አብዛኛው አደን 50 ደቂቃ ይሰጣችኋል፤ እሱ ግን 30 ብቻ ነው። ሠላሳ ደቂቃ ሲባል ብዙ ይመስላል። ገብታችሁ ስታዩት፣ በተለይ ብቻችሁን ከሆናችሁ፣ ያ ሰዓት እንዴት እንደሚሮጥ ይገርማችኋል። መሸሽ አይቻልም፤ የሸሻችሁበት ደቂቃ መጨረሻ ላይ ይጎድላል።

እሳቱ ሰፊ ነው። የመጀመሪያ ስሜታችሁ ራቅ ማለት ነው። ራቅ ስትሉ ትነዳላችሁ። ቀስ በቀስ የሚገባችሁ ነገር፣ ብዙውን ጊዜ ደህናው ቦታ እግሩ ሥር መሆኑ ነው። ከዚያ የት ሆናችሁ ጭንቅላቱን እንደምትደርሱበት ትማራላችሁ። ጭንቅላቱን ደግሞ መድረስ ግዴታ ነው፤ በተደጋጋሚ ከተሰበረ በመጨረሻው ምዕራፍ እሳቱ ይዳከማል። ስለዚህ መጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ላይ የምትሠሩት ሥራ የመጨረሻዎቹን ደቂቃዎች ይወስናል። መድፍ አለ፣ ትልቅ ቀስት አለ፤ መቼ እንደምትጠቀሙበት እናንተ ትወስናላችሁ።

እኔ ፋታሊስን ስማር የታየኝ ነገር አለ። አንድ ሳምንት የመጀመሪያው ምዕራፍ ላይ እወድቃለሁ። ሌላ ሳምንት ሁለተኛው ላይ። አርመሬ ያው ነው፣ መሣሪያዬ ያው ነው፣ አንድም ቁጥር አልተቀየረም። ግን በየቀኑ ወደ ውስጥ እየገባሁ ነው። ትናንት የገደለኝን ጥቃት ዛሬ ሳላስበው ጎን ብዬ አሳልፈዋለሁ። ከዚያ ወዲያ ያልጠበቅሁት አዲስ ነገር ይገጥመኛል። እድገት የሚለውን ቃል ያን ጊዜ ነው በእውነት የተጠቀምኩበት። በመጨረሻ ሲወድቅ ሰዓቱ ላይ የቀረው ጥቂት ነበር፤ እጄ እየተንቀጠቀጠ ነበር፤ ደስታዬን የምገልጽበት ቃል አሁንም አጣለሁ።

ከፋታሊስ የሚሠራው አርመር ደግሞ የጨዋታው ምርጡ ነው። በአንዳንድ ስኪሎች ላይ ያለውን ጣሪያ ያነሳል፤ ድሮ የአንድን አውሬ አርመር ሙሉ ካልለበሳችሁ የማይገኘውን አሁን በፈለጋችሁት ቢልድ ታገኙታላችሁ። እዚህ ላይ ነው ብልሃቱ። የዕቃው ጥያቄ ተዘጋ። ከዚህ የተሻለ የለም፣ አትፈልጉ፣ ተብሏችኋል። ይህን የሰጧችሁ ደግሞ በሎተሪ ሳይሆን ከባዱን አውሬ ስታሸንፉ ነው። ከዚያ በኋላ ወደ ማንኛውም አደን የምትሄዱት አውሬውን ስለወደዳችሁት ብቻ ነው። አንዳንድ ሰው «ታዲያ ከዚያ በኋላ ምን ይሠራል» ይላል። ማደን ይሠራል! ጌሙ የተሠራው ለዚያ ነው።

የተከታታዩ ቀጣይ ጌም ዋይልድስ በ2025 የካቲት መጨረሻ ወጣ። በሦስት ቀን ከ8 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሸጠ። ብዙ ነባር ተጫዋቾች ወዲያው ታሪኩን ጨርሰው «ኤንድጌሙ የት አለ» ማለት ጀመሩ። የነበረው ዋና መሰላል አርቲያን የሚባሉት መሣሪያዎች ናቸው። ሦስት ቁርጥራጭ ትገጥማላችሁ፣ ከዚያ አምስት ማጠናከሪያ ይጨመርበታል፤ ምን እንደሚጨመር ዕድል ይወስናል። ቅድም ያሰላነው 5 የጥቃት ኃይል እዚህ ነው ያለው። አንዱ ማጠናከሪያ ያን ያህል ነው።

ቅሬታውን ሳዳምጥ የገባኝ፣ የጎደለው መሰላል እንዳልነበር ነው። መሰላልማ ነበር፣ አርቲያን ማለቂያ የለውም። የጎደለው መሰላሉ ላይ የሚቆም አውሬ ነበር። ዕቃው ተሟልቶ፣ ዕቃውን የሚጠይቅ ጠፋ። ቴምፐርድ አውሬዎች ቶሎ ቶሎ ይወድቃሉ፤ ሳትማሯቸው ይሞታሉ። ካፕኮም ይህን የሰማ ይመስለኛል፤ በዚያው ዓመት ነሐሴ ባለ 9 ኮከብ ከባድ አደኖች ተጨመሩ። ከእነሱ ጋር ግን በዘፈቀደ የሚወጡ፣ ታሊስማን የሚባሉ ክታቦችም አብረው መጡ። ከባዱን አደን ስቀበል ደስ አለኝ፤ ታሊስማኑን ሳይ ያው የድሮው ሎተሪ ተመለሰ አልኩ።

ስለ አንድ ነገር ሳላወራ አልጨርስም፤ ኤስኦኤስ ስለሚባለው ጥሪ። ሰው አደን መሃል ሲጨንቀው ወደ ሰማይ ብርሃን ይተኩሳል፣ ሌሎች ገብተው ያግዙታል። ኤንድጌም ላይ ዕቃው ካለቀ በኋላ ብዙ ጊዜዬን የማሳልፈው እዚያ ነው። ሦስት ውድቀት ለቡድኑ ሁሉ በጋራ ነው የሚቆጠረው፤ ስለዚህ እንግዳው ሰው ሲወድቅ የእኔም ውድቀት ነው። ይህ አጨዋወቴን ለወጠው። አውሬውን ቶሎ መግደል ብቻ ሳይሆን አዲሱን ሰው በሕይወት ማቆየት ሥራዬ ሆነ። አቧራ መሳይ መድኃኒት አለ፣ ስትበትኑት በአካባቢው ያሉትን ሁሉ የሚፈውስ። ድሮ አልይዘውም ነበር፤ አሁን ያለ እሱ አልወጣም። መቼ መበተን እንዳለብኝ ለማወቅ ደግሞ አውሬውንም ሰውየውንም ማንበብ አለብኝ። ሰውየው ዘሎ ሊገባ ነው ወይስ ሊሸሽ? ይህም አንድ ትምህርት ነው፣ ያውም ጣፋጭ።

አሁን በቅርቡ ደግሞ ላንስ የሚባለውን ረጅም ጦር ይዣለሁ። ግሬት ሶርዱን አስቀምጬ ማለት ነው። ላንስ ጋሻ አለው፤ አትሸሹም፣ ቆማችሁ ትመክታላችሁ፣ መክታችሁ መልሳችሁ ትወጋላችሁ። በስም አብጠርጥሬ አውቀዋለሁ የምለው ራታሎስ እንግዳ ሆነብኝ። ጭራውን ሲያዞር ድሮ ተንከባልዬ እወጣ ነበር፣ ስለዚህ ጭራው ስንት ጊዜ እንደሚመለስ አይቼ አላውቅም ነበር። አሁን ሥሩ ቆሜ በጋሻዬ እቆጥራለሁ። ግሬት ሶርዱ ላይ የለፋሁበት ቢልድ እዚህ ብዙም አይሠራልኝም፤ ለጋሻ የሚሆን ዲኮሬሽን የለኝም ማለት ይቻላል። ባሉኝ ተራ ዕቃዎች እየወጣሁ ነው።

ከእናንተ መካከል ላንስ የምትጫወቱ ካላችሁ ጻፉልኝ። ዋይልድስ ላይ ጋሻውን በትክክለኛዋ ቅጽበት ስታነሱ የሚገኘው ፍጹም መከላከል አለ፤ ለየትኞቹ አውሬዎች ጥቃት እንደሚመች፣ ለየትኞቹ ጠብቆ ማሳለፍ እንደሚሻል ልምዳችሁን መስማት እፈልጋለሁ። በሚቀጥለው ክፍል ያገኘሁትን ይዤ እመጣለሁ። ደህና ሁኑልኝ።